ያላለቀው የጓያ ትምህርት

«አንድ የታሪክ መምህር ነበረ» አሉ ጋሽ አየናቸው።

ይህን ያሉት ምንተስኖት ላመጣላቸው ጥያቄ መልስ ሲጀምሩ ነው። ጋሽ አየናቸው በኮሌጁ ሠላሳ ዓመት የዓለም ታሪክ አስተምረው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው። ምንተስኖት ደግሞ ተማሪያቸው የነበረ፣ አሁን በእርሳቸው እግር ተተክቶ የእስያን ታሪክ የሚያስተምር ወጣት ነው። በዚያ ሳምንት የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ ጠርቶት፣ የሴሚስተሩ ትምህርት ወደ ሦስት ሳምንት እንዲያጥር መወሰኑን ነገረው። «ጦርነቱንና ረሃቡን ተወው፤ አገሮቹ እንዴት እንደበለጸጉ ብቻ ንገራቸው። ተማሪ የሚፈልገው እርሱን ነው» አለው። ምንተስኖት ያጠረውን ዝርዝር ይዞ የድሮ መምህሩ ቤት ሄደ።

«ጋሼ፣ ግማሹን ማስተማር ጭራሽ ካለማስተማር አይሻልም?» ሲል ጠየቃቸው።

ጋሽ አየናቸው ወረቀቱን አነበቡት፤ አጥፈው መለሱለትና ይህን ነገሩት።

አንድ የታሪክ መምህር ነበረ። የሚያስተምረው በአንዲት የደጋ ወረዳ፣ አንድ ባለጸጋ ባሠራው ትምህርት ቤት ነው። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ሰነፍም አልነበረም። ተማሪዎቹ ባሕር አይተው አያውቁም፤ እርሱም አላየም። ቢሆንም ከባሕር ማዶ ስላለ ሕዝብ ሲናገር አጥር ለአጥር ስለሚዋሰነው ጎረቤቱ የሚያወራ ይመስል ነበር።

አንድ ቀን ለሰባተኛ ክፍል ልጆች በምሥራቅ ባለ አንድ አገር ስለደረሰ ረሃብ ማስተማር ጀመረ። በዚያ አገር ዝናቡ ዓመት እያለፈ ዓመት ሲተካ ቀረ። ስንዴው ደረቀ፤ ሌላውም አዝመራ ጠፋ። በተሰነጠቀው መሬት ላይ ቆሞ የተገኘው ጓያ ብቻ ነበር። ባለመሬቶቹ ለሠራተኛው ቀለቡን በጓያ ሰፈሩለት፤ ሕዝቡም ጓያ ጋግሮ፣ ጓያ ቀቅሎ በልቶ ከሞት ተረፈ። መምህሩ እዚህ ላይ ሲደርስ በሩ ተከፈተ። ባለጸጋው እንግዶች አስከትሎ ትምህርት ቤቱን ሊያስጎበኝ መጥቶ ኖሯል።

«መምህር፣ ዛሬ ምን እያስተማርክ ነው?» አለው።

«በምሥራቅ አገር ስለደረሰ ረሃብ ነው፣ ጌታዬ።»

ባለጸጋው ወደ እንግዶቹ ዘወር ብሎ ፈገግ አለ። «ለእኛ ልጆች የሰው አገር ረሃብ ምን ይሠራላቸዋል? ወኔያቸውን የሚያነሣሣ ነገር ንገራቸው እንጂ።»

«ትንሽ ቀርቶኛል፤ እርሱን ልጨርስና እሄድበታለሁ።»

«ግድ የለም፣ ይቅር» አለ ባለጸጋው። የተቆጣም አይመስልም ነበር።

በማግሥቱ ርእሰ መምህሩ መምህሩን ጠርቶ ወደሚቀጥለው ምዕራፍ እንዲያልፍ ነገረው። መምህሩ ክፍል ገባ፤ መጽሐፉን ገልጦ ሁለቱን ገጽ በአንድ ላይ አዞረ። በልቡ በዓመቱ መጨረሻ እመለስበታለሁ ብሎ ነበር። ዓመቱ አለቀ፤ ልጆቹም ወደ ስምንተኛ ክፍል አለፉ።

ከፊተኛው ወንበር የምትቀመጥ አንዲት ተማሪ ነበረች። መምህሩ ከአፉ ያወጣውን ሁሉ ትጽፋለች፤ ደብተር አትጥልም። ይህች ልጅ አድጋ ገበሬ አገባች። ቀለም የቆጠረች በመሆኗ የመንደሩ ሰው ደብዳቤ ሲመጣለት እርሷ ዘንድ ይሄዳል፤ ነገር ሲቸግረውም እርሷን ያማክራል።

ትምህርቱ በተቋረጠ በዐሥራ አራት ዓመቱ በዚያ ወረዳ ዝናብ ቀረ። በሁለተኛውም ዓመት ቀረ። ገብሱ በእንጭጩ ደረቀ፤ ከብቱ አለቀ። ሰዎች ተሰብስበው እንሰደድ ወይስ እንቆይ እያሉ ሲከራከሩ ሴትዮዋ ደብተሯን ይዛ ተነሣች። «እኛ የመጀመሪያዎቹ አይደለንም፤ እንዲህ ያለ ነገር በሌላም አገር ደርሷል» ብላ አነበበችላቸው። የጻፈችው እንዲህ ይል ነበር፤ «እህሉ ሁሉ ሲጠፋ ጓያ ቆመ፤ ሕዝቡም በእርሱ ከሞት ተረፈ።»

በዚያ ወረዳ ጓያ የሚዘራ ሰው አልነበረም። ወንዶቹ የሦስት ቀን መንገድ ሄደው ዘሩን ገዙ። ባለጸጋው ከሞት የተረፉ በሬዎቹን አዋሳቸው። ጓያው በዚያ ደረቅ መሬት ላይ በቀለ፤ አፈራም። ሰው ሁሉ ጠዋትም ማታም ጓያ በላ። በዚያ ዓመት ከመንደሩ በረሃብ የሞተ አልነበረም፤ ሴትዮዋንም በየደጁ መረቋት።

በአራተኛው ወር ሴትዮዋ በሰፌድ የጓያ ቂጣ ይዛ መምህሩ ቤት ሄደች። መምህሩ አርጅቷል፤ ግን አሁንም ያስተምራል።

«መምህር፣ ምስጋና ላደርስ ነው የመጣሁት» አለችው። «የእርስዎ ትምህርት ነው ያተረፈን።»

«የትኛው ትምህርት፣ ልጄ?»

«የጓያው።»

መምህሩ ሰፌዱን አየ፤ እጁን ግን አልዘረጋም። «ይህን መብላት ከጀመራችሁ ስንት ጊዜ ሆናችሁ?»

«አራት ወር ሊሞላን ነው።»

«ሌላ እህል ትቀላቅሉበታላችሁ?»

«ከየት አምጥተን?»

«እግሩን የሚያመው ሰው አለ?»

ሴትዮዋ ሰፌዱን መሬት አስቀመጠች። «ባለቤቴ ጠዋት ሲነሣ እግሩ አልታዘዝ ብሎታል። ብርድ ነው ብለን በቅባት እያሸነው ነው። የጎረቤቴም ልጅ ሰሞኑን በዱላ ነው የሚሄደው። ምነው?»

መምህሩ ተቀመጠ። «ትምህርቱ በዚያ አላለቀም ነበር» አላት። የቀረውን ያን ጊዜ ነገራት። ከረሃቡ ከተረፉት የዚያ አገር ሰዎች መካከል ጓያን ብቻ ወራት ሙሉ የበሉት እግራቸው እየተሳሰረ ሽባ ሆኑ። ይበልጡንም የተጎዱት ሥራ የሚሠሩት ጉልበታም ወጣቶች ነበሩ። አንዴ የተያዘ እግር አልዳነም።

ሴትዮዋ ሰምታ ስትጨርስ፣ «ታዲያ ለምን አልጨረሱልንም?» አለችው።

መምህሩ ባለጸጋውን ሊያነሣ አፉን ከፈተ፤ ርእሰ መምህሩንም ሊያነሣ አሰበ። ከዚያ በኋላ ያስተማረባቸው ዓመታት ሁሉ ትዝ አሉት፤ በየዓመቱ ያን ገጽ ሲዘል ማንም በራፉ ላይ ቆሞ አልከለከለውም ነበር። ጋቢውን ደርቦ ተነሣ።

በዚያው ቀን አብረው ወደ መንደሩ ሄደው ጓያውን እንዲተዉ ተናገሩ። «ትተን ምን እንብላ?» ተባሉ። አንዳንዱ ተሰደደ፤ የሚበዛው ግን የእርዳታ ስንዴ እስኪመጣ ሌላ ሁለት ወር ጓያውን በላ። ስንዴው ሲደርስ ሠላሳ ሰባት ሰዎች ለመቀበል በዱላ ተደግፈው መጡ፤ ሌሎች አራት ደግሞ በእጃቸው እየተሳቡ ነበር። ከአራቱ አንዱ የሴትዮዋ ባል ነው። ባለጸጋው ቀድሞ በጎተራው ያኖረው ስንዴ ስለነበረው የእርሱ ቤት ሰው ሁሉ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። ስለ ነገሩ ሲነሣበት፣ «ማን ያውቅ ነበር?» ይላል።

የመንደሩ ሰው ባለጸጋውን አልወቀሰም። ያን ቀን በክፍሉ በራፍ ላይ የተናገረውን የሰሙት ልጆች ብቻ ስለነበሩና እነርሱም ስለረሱት የሚወቅስበት ነገር አልነበረም። የወቀሱት ሴትዮዋን ነው። ሲመርቋት የነበሩት ሴቶች ከውኃ መውረጃ ስትመጣ እንስራቸውን አንሥተው ይሄዱ ጀመር። መምህሩ በተሰበሰቡበት ቆሞ ጥፋቱ የእኔ ነው ብሎ ተናገረ፤ ሽማግሌ አዝኖ የሚናገረው መሰላቸውና፣ «አይዞዎት» አሉት።

አንድ ቀን ሴትዮዋ ደብተሯን ይዛ ወደ መምህሩ ቤት ተመለሰች። ያ ትምህርት የቆመበትን ገጽ ገልጣ ብዕር ሰጠችው። «የቀረውን በእጅዎ ይጻፉልኝ» አለችው። መምህሩ ጻፈ። ጽፎ ሲጨርስ ሴትዮዋ ተቀበለችው፤ በጣቷ እየተከተለች ቆጠረችው።

«ስድስት መስመር ናት» አለች። ደብተሩን አጥፋ ተነሣች፤ ባሏን የሚያነሣው ሰው ስለሌለ ቶሎ መሄድ ነበረባት።

ጋሽ አየናቸው ታሪኩን እዚህ ላይ ጨረሱ። ወደ ምንተስኖትም ዞሩ።

«ግማሹ ይሻላል ወይ ብለህ ጠየቅኸኝ። ጭራሽ ያልተማረ ሰው አለማወቁን ስለሚያውቅ ይፈራል፤ ከመሄዱ በፊትም ይጠይቃል። ያቺ ሴት ስለ ጓያ ምንም ባትሰማ ኖሮ፣ ሌላ ሰው ጓያ እንዝራ ቢል እንኳ ‘መጀመሪያ ሻጩን ጠይቁልኝ’ ባለች ነበር። ግማሹን ስለተማረች ግን አወቅሁ አለች፤ ያመናትን ሁሉ አስከትላ ሄደች። እነዚያ አገሮች በአንድ ትውልድ እንዴት እንደበለጸጉ ብቻ ነግረህ የምትለቃቸው ልጆችም ነገ ሹመት ሲይዙ ደብተራቸውን ያወጣሉ። ፋብሪካውና ባቡሩ እዚያ ላይ ተጽፏል። ከማሳው የተነቀለው ገበሬ፣ አገሩ ከበረታ በኋላ የዘመተበት ጎረቤት፣ እነዚህ ግን የሉበትም። የጎደለውን የሚያገኙት በሰው ላይ ከሞከሩት በኋላ ነው። ያን ጊዜ ኃላፊህ ‘ማን ያውቅ ነበር?’ ይላል፤ እውነቱን ነው፣ እርሱ አያውቅም። አንተ ግን ታውቃለህ።»

ምንተስኖት ወረቀቱን በእጁ እንደያዘ መሬት መሬት ያይ ነበር።

«ጋሼ፣ እምቢ ካልኩ ቦታዬን ለሌላ ሰው ይሰጡብኛል» አለ። «ቤተሰብ አለኝ።»

«አውቃለሁ፣ ልጄ» አሉ ጋሽ አየናቸው። «መምህሩም ነበረው።»