የአህያው ቁጣና የጅቡ ባዶ ሆድ

አንድ ጊዜ አንድያ ውርንጭላውን ብቻውን የሚያሳድግ አህያ ነበር። አንድ ቀን ጠዋት ድንገት ጉም ወረደና ውርንጭላው ከአጠገቡ ጠፋ። አባት እያናፋ ሲፈልግ ቀበሮ አገኘችው።

«አያ አህያ፣ ባልነግርህ በወደድኩ» አለች አንገቷን ደፍታ። «ልጅህን አያ ጅቦ በልቶታል። ዋሻው ደጃፍ ደሙን በዓይኔ አየሁ።»

አህያው እዚያው ተንበርክኮ አለቀሰ።

«ታለቅሳለህ? አባት ሆነህ!» አለች ቀበሮ። «እኔ ብሆን ጥርሱን በእርግጫ አረግፍለት ነበር።»

ይህን ሲሰማ ሐዘኑ ቁጣ ሆነ። ጆሮውን ወደ ኋላ አጥፎ በጭንጫው ላይ ቁልቁል ጋለበ። ቀበሮም ትርፍራፊ እንዳያመልጣት ከኋላው ዱብ ዱብ አለች።

ዋሻው አጠገብ ሲደርሱ ጉሙ ገለጥ አለ። ጅቡ በራፉ ላይ ተጋድሞ ያላዝናል፦ «ኧረ አንጀቴ ታጠፈ! ዛሬም ጦሜን ልውል ነው!»

አህያው ከቋጥኝ ጀርባ ቀጥ አለ።

«ምን ገተረህ? ሂድ እንጂ!» አለች ቀበሮ በሹክሹክታ።

«ቆይ እስቲ፣ እመት ቀበሮ። የጠገበ ጅብ ይተኛል እንጂ እንዲህ ይጮኻል?»

«ሆዳም አይደል! መቼ በቃኝ ያውቃል?»

«ሆዳምስ ሆዳም ነው። ግን ተመልከቺው፤ ሆዱ ከጀርባው ተጣብቋል። የእኔን ድንቡሼ የበላ እንዲህ ይከሳል?»

ይህን እንዳሰበ ደረቱ ውስጥ ይነድ የነበረው እሳት በረደ። ልጁ ካልተበላ የት ሄደ? ትናንት ከሆራው ጨዋማ ውሃ ሲለየው ማኩረፉ ትዝ አለው። ዞሮ ወደ ሆራው ጋለበ።

ጅቡ ኮቴ ሰምቶ ቢመጣ ያገኘው ቀበሮን ብቻ ነው።

«በእግሩ ይመጣል ያልሽኝ ቁርሴ የታለ?»

«መጥቶ ነበር፤ ግን ቆም ብሎ አሰበ።»

«ማሰብ ደግሞ ምንድን ነው? ይበላል?»

«አይበላም፣ አያ ጅቦ።»

«እንግዲያው አንቺን እበላለሁ!»

ቀበሮ እግሬ አውጪኝ ብላ ፈረጠጠች።

ውርንጭላው ሆራው ዳር አፉን በጭቃ ለውሶ ቆሟል። «አባዬ፣ ቅመሰው እስቲ!» አለ አባቱን ሲያይ።

አህያው ሊቆጣው አፉን ከፈተ። ከዚያ ተወውና ከልጁ ጎን አጎንብሶ ጠጣ።

ከዚህ የምንማረው ሐዘንም ቁጣም ካመንነው ነገር የሚወለዱ በመሆናቸው፣ ልባችን ነዶ ወደ ጥፋት ሳይወስደን በፊት ያመንነው እውነት መሆኑን መመርመር እንደሚገባን ነው።