ከዳኛው ጋር የተቆራኘው

«መሰላሉን ከግራዝማች አጥር ላይ አንሳ ተብለሃል፣ አንሳ!» ሲሉ ዳኛው ጮኹበት።

ግራዝማች ይርዳው የጎረቤታቸውን የዚህን ከሳሽ ቤት መግቢያ መንገድ በአጥር ከዘጉበት ወዲህ፣ ሰውየው ቤቱ የሚገባው በመሰላል እየተንጠላጠለ ነበር። ክሱም ከቀጠሮ ወደ ቀጠሮ ሲንከባለል ከረመ። ዛሬ ደግሞ ዳኛው ምሳቸው ትዝ ብሏቸው ለመስከረም ቀጠሩት።

«ታዲያ እስከዚያ በየት ልግባ ጌታዬ?»

«ፍርድ እስኪሰጥ ታገሥ!»

ሰውየው እጅ ነሣና ጠጋ ብሎ የጋቢውን ጫፍ ከዳኛው ኩታ ጋር ቋጠረው።

«ምን እያደረግህ ነው፣ አንተ ባለጌ?»

«በአገራችን ደንብ ከሳሽና ተከሳሽ ፍርድ እስኪያገኙ ተቆራኝተው ይከርማሉ። ግራዝማች የዘጉብኝ መንገዴን ነው፤ ቤቴን የዘጉብኝ እርስዎ ነዎት። ስለዚህ እስከ መስከረም እርስዎ ቤት ነኝ፣ ጌታዬ። ብቻ በእንቅልፌ ስለምራገጥ፣ እመቤት ለራሳቸው ሌላ መኝታ ቢያሰናዱ ይሻላል።»