በሬ በመስኩ ላይ ይበላል

ተረት ተረት!

ምን ዝም ትላላችሁ? «የፊደል ሰባት ቤት» በሉ እንጂ! አዎ፣ እንደሱ! ጮክ በሉ፣ እኔ የምተርተው ለሚያንቀላፋ አይደለም። ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንዲት ቃል ነው። ቃሏ አራት ፊደል ብቻ ናት፤ ግን አንድ ትልቅ በሬ ከነቀንዱ ልታስበላ ነበር!

በድሮ ዘመን፣ አውሬውና ከብቱ በሚነጋገርበት፣ ቆዳውም ቀለሙም ሲጠሩት «አቤት» በሚልበት ዘመን፣ አንድ ሰፊ መስክ ነበር። የመስኩ ጌታ አያ አንበሶ ነው። አንድ ዓመት ዝናብ ጠፋ። ወንዙ ደረቀ፤ ተራራው ደረቀ፤ አገሩ ሁሉ ደረቀ። ለምለም ሣር የቀረው በአያ አንበሶ መስክ ላይ ብቻ ሆነ።

በዚያ አገር ቦራ የሚባል በሬ ነበር። ግንባሩ ነጭ፣ ሆደ ሰፊ፣ ነገር ላይ የማይቸኩል። የጎኑ አጥንት አንድ፣ ሁለት ተብሎ መቆጠር ሲጀምር ወደ አንበሳው ሄደና እጅ ነሣ።

«ጌታዬ፣ በራብ ልሞት ነው። በመስክዎ ላይ ልብላ?»

አንበሳው ጉልበቱን ያሻል።

ቦራ ሲወጣ አያ ጅቦ እያነከሰ ገባ።

«ጌታዬ፣ በራብ ልሞት ነው። ይህን በሬ ከስቶ ሳያልቅ ልብላው?»

አንበሳው አሁንም ጉልበቱን ያሻል።

ለካ አያ አንበሶ ጉልበቱን አሞት ወደ ፍል ውሃ ሊሄድ ተነሥቷል፤ ለወሬ ጊዜ የለውም። ጥፍሩን ቀለም ውስጥ ነከረ። ብራና ላይ አንዲት መስመር ጻፈ። ብራናውን ዋርካው ላይ ሰቀለና ለማንም ሳያነብ መንገዱን ቀጠለ። ጽሑፉ እንዲህ ይላል፦

በሬ በመስኩ ላይ ይበላል።

ቦራ ሮጦ መጣና አነበበ። «ይበላል!» አለ፣ አላልቶ። «ተፈቀደልኝ! እሰይ! ሣር ልበላ ነው!» ያ የማይቸኩል በሬ እንደ ጥጃ ዘለለ።

አያ ጅቦ ሮጦ መጣና አነበበ። «ይበላል!» አለ፣ በን ረግጦ፣ ላን ረግጦ፣ አጥብቆ። «ተፈቀደልኝ! እሰይ! በሬው ሊበላ ነው!» ምራቁ እስከ ደረቱ ወረደ።

እስቲ እናንተም ከእኔ ጋር በሉ። መጀመሪያ አላሉት፦ ይበላል። በሬው ምሳውን በላ። አሁን ደግሞ ጥርሳችሁን ነክሳችሁ አጥብቁት፦ ይበላል። በሬው ራሱ ምሳ ሆነ! አያችሁ? አንድ ፊደል አልጨመርንም፤ አንድ ፊደል አልቀነስንም። አትሳቁ! እኔ ራሴ አንድ ዘመዴ «ገና ነው» ብሎ ቢጽፍልኝ በዓሉ ደርሶ መስሎኝ በጌን አርጃለሁ። ሰውየው «ቆይ፣ ጊዜው አልደረሰም» ማለቱ ነበር። በጉን ማን ይመልስልኝ?

ወደ ተረቴ ልመለስ። ቦራ «ላላ!» አለ። አያ ጅቦ «ጠበቀ!» አለ። ላላ፣ ጠበቀ፣ ላላ፣ ጠበቀ እየተባባሉ የአገሩ ዳኛ እማማ ኤሊ ዘንድ ደረሱ። እማማ ኤሊም ዋርካው ሥር ለሸንጎ ተቀመጡ፤ አገር ሁሉ ተከትሏቸው መጣ።

«አያ አንበሶ እስኪመለሱ ብትታገሡስ?» አሉ እማማ ኤሊ።

«ፍል ውሃ የሄደ በወሩ ነው የሚመለሰው! እስከዚያ በራብ እሞታለሁ!» አለ አያ ጅቦ።

«እኔም እሞታለሁ» አለ ቦራ።

«እንግዲያው ምስክር ቁጠሩ።»

ቦራ መጀመሪያ ብራናውን ቆጠረ።

«ብራናዬ፣ አንበሳው ሲጽፍ ከእጁ ሥር ነበርክ። ላላ ወይስ ጠበቀ?»

«ወንድሜ ቦራ፣ እኔ ፍየል ሳለሁ ጮኼ ጮኼ የሰማኝ አልነበረም» አለ ብራናው። «አሁን ቆዳ ሆኛለሁ። መሸከም እንጂ መስማት አላውቅም።»

ቦራ ቀጥሎ ቀለሙን ቆጠረ።

«ቀለሜ፣ ከጥፍሩ ላይ የነበርክ አንተ ነህ። ላላ ወይስ ጠበቀ?»

«ወንድሜ ቦራ፣ ቃል የሚላላውም የሚጠብቀውም አፍ ውስጥ ነው» አለ ቀለሙ። «እኔ ደግሞ አፍ ውስጥ ገብቼ አላውቅም፤ መራራ ነኛ!»

ሦስተኛ ፊደላቱን ጠራ። አራቱ ወንድማማቾች፣ ይ፣ በ፣ ላ እና ል፣ ከብራናው ላይ ዱብ ዱብ እያሉ ወርደው በሰልፍ ቆሙ። ሕዝቡ ለማየት ተጋፋ!

«እናንተስ? ቃሉ ራሳችሁ ናችሁ። ላላ ወይስ ጠበቀ?»

አራቱም ተያዩ። የመለሰው በ ነው።

«ቦራ ሆይ፣ እውነቱን ልንገርህ። እኔና ላ የዋሆች ነን። ሲጫኑን እንጠብቃለን፤ ሲለቁን እንላላለን። አንበሳው ግን አልተጫነንም፣ አልለቀቀንም። ጻፈንና ሄደ።»

«እኛ የምናውቀው አንድ ሕግ ነው» ሲል ላ ጨመረበት። «ዳኛ አንድ ጊዜ ካጠበቀን ለሁሉም እንጠብቃለን። ካላላን ለሁሉም እንላላለን። ለዘመድ የሚላላ፣ ለባዳ የሚጠብቅ ፊደል ከመሆን መፋቅ ይሻለናል!»

ምስክር አለቀ። እማማ ኤሊ አንገታቸውን ወደ ድንጋያቸው ከተቱ፤ አሰቡ፤ አወጡት።

«ምስክር ከጠፋ አገር ያንብብ!»

ይኼኔ አያ ጅቦ ዘመዶቹን ጠራ። አሥራ ሁለት ጅብ ከየጎሬው ወጥቶ ዋርካውን ከበበ። «ይበላል! ይበላል! ይበላል!» አሉ ሦስት ጊዜ፣ ሁሉም አጥብቀው። ድኩላ ወደ ኋላ ሸሸች። በግ መሬት መሬት አየች። ላልቶ እንደሚነበብ በልባቸው የሚያውቁ ስንትና ስንት ነበሩ! ፈሪዎች! አንድም ሰው «ኧረ ላላ ነው» አላለም። ቦራ ብቻውን «ይበላል» ብሎ አላልቶ ቢያነብ ድምፁ በጅቦቹ ጩኸት ተዋጠ።

«በሰማሁት እፈርዳለሁ» አሉ እማማ ኤሊ፣ ቅር እያላቸው። «ከዛሬ ጀምሮ በዚህ ሸንጎ ይህ ቃል ጠብቆ ይነበባል።»

በና ላ ጠበቁ። በቦራ አንገት ላይ ገመድ ገባ፤ ገመዱም ጠበቀ። ምስኪን ቦራ! ሣሩ ፊቱ ነው፤ ሞቱም ፊቱ ነው።

አያ ጅቦ ግን ደስታው ልክ አጣ። ደግሞም ዘመዶቹን አየ፤ አሥራ ሁለት አፍ፣ አሥራ ሁለት ሆድ። ልቡ ከፋ። «እነዚህ እኮ አንድ ቁርጥ አያስቀሩልኝም!» ብሎ አሰበ።

«እማማ ኤሊ፣ ይጻፍልኝ!» ሲል ጮኸ። «በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል! እኔ እንጂ ሌላ እንዳይነካ ይጻፍልኝ!»

ጸሐፊዋ ጃርት ከጀርባዋ አንድ እሾህ ነቀለች፤ ቀለም አጠቀሰች፤ ጆሮዋን አዘነበለች።

«ምን ልበል?»

«በይ ጻፊ! ‹አያ ጅቦ ዛሬ በመስኩ ላይ ይበላል።›»

«ማን ማንን እንደሚበላ ልጨምር?»

«ምን ያስጨምርሻል? ሁሉ ያውቀዋል! ቶሎ በይ፣ ራበኝ!»

ጃርት እዚያው ብራና ላይ ጻፈች። ይ፣ በ፣ ላ፣ ል ተራ በተራ ዘለው መስመሩ ውስጥ ገቡ። በና ላ እንደጠበቁ ናቸው።

ቦራ ይህን ሁሉ ያያል። በሬ ሣር ብቻ አይደለም የሚያመነዥከው፤ ነገርም ያመነዥካል። ላ የተናገረውን አንድ ጊዜ አኘከው። መልሶ አኘከው። ሦስተኛ ሲያኝከው ዓይኑ በራ!

«እማማ ኤሊ!» አለ። «ልሞት ነውና አንድ ነገር ይፍቀዱልኝ። አያ ጅቦ ያስጻፈው ይነበብልኝ። በተፈረደብኝ አነባበብ ይነበብልኝ።»

«ይገባሃል» አሉ እማማ ኤሊ። ብራናውን ተቀበሉ። ጉሮሯቸውን ጠረጉ። በን ረገጡት፤ ላን ረገጡት፦

«አያ ጅቦ ዛሬ በመስኩ ላይ ይበላል!»

መጀመሪያ ድኩላ ሳቋ አመለጣት። ከዚያ በግ። ከዚያ አገር ሁሉ!

አሥራ ሁለቱ ጅቦች ግን አልሳቁም። እነሱም ርቧቸዋላ! ከንፈራቸውን እየላሱ ወደ አያ ጅቦ አንድ እርምጃ ጠጋ አሉ።

«ምን ሆናችኋል? እኔ እኮ ዘመዳችሁ ነኝ!»

«ወንድምዓለም፣ ምን ይደረግ» አለ የአጎቱ ልጅ። «ያስጻፍከው አንተ ነህ።» ሁለተኛ እርምጃ ጠጋ አሉ።

«አላሉት! ኧረ በፈጠራችሁ አላሉት!» አያ ጅቦ ተርበተበተ። «ላላ ነው! ድሮም ላላ ነበር!»

«የትኛው ይላላ?» አሉ እማማ ኤሊ። «የአንተ ወይስ የቦራ?»

«የእኔ! የእኔ ብቻ!»

«አይሆንም!» አሉ በና ላ ባንድ አፍ። «ከላላን ለሁሉም ነው!»

አያ ጅቦ በሬውን አየ። እንዴት ያለ ሥጋ ነው! ዘመዶቹን አየ። እንዴት ያለ ጥርስ ነው! ሦስተኛውን እርምጃ ሊጠጉ እግራቸውን አነሡ።

«የሁለታችንም ይላላ!»

«በአፍህ አንብበዋ! አገር ይስማህ!» አሉ እማማ ኤሊ።

«በሬ...» አለ አያ ጅቦ እንባው እየወረደ። «በሬ በመስኩ ላይ... ይበላል።» እንዲህ አላልቶ ያነበበ ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አልተሰማ!

በና ላ «እፎይ!» ብለው ላሉ። በቦራ አንገት ላይ የጠበቀው ገመድም ላላ። ቦራ እየዘለለ መስኩ ውስጥ ገባ፤ በላ፣ በላ፣ በላ!

አያ ጅቦስ? እሱም በጽሑፍ ተፈቅዶለታል፤ ይበላል። ምን እንደሚበላ ግን አልተጻፈለትም! «ምን ያስጨምርሻል?» ያለው እሱ አይደል?

ተረቴን መልሱ፤ ስትመልሱ ያላላሁትን አታጥብቁብኝ። ይህችንም ያዙ፦ ፊደል ሆድ የለውም፤ ቃልን የሚያጠብቀው የአንባቢው ሆድ ነው።