ልውረድ ምንጭ

ከወይራ አምባ በታች ካለው ምንጭ አፋፍ ላይ የደረሰ ወንድ፣ ሽማግሌም ይሁን ጎረምሳ፣ ቆም ብሎ «ልውረድ?» ሳይል ቁልቁል አይረግጥም፤ ከታች ያሉት ሴቶች «ውረድ» ካላሉት ከብቶቹን ውሃ ጥም ቢያቃጥላቸውም እዚያው ይጠብቃል። የምንጩም ስም ከዚሁ የወጣ ነው ይላሉ አባቶች።

እንደሚነገረው፣ በዚያ አገር ትብለጥ የምትባል፣ ጨዋታዋ የማይጠገብ የአያ መከተ ልጅ ነበረች። ደምለው የሚባል ጎረምሳ ወደዳትና ሽማግሌ ላከ፤ እሷም «አይሆንም» አለች። ነገሩ በዚህ ቢያልቅ ደግ ነበር። እሱ ግን በየጠዋቱ ከምንጩ በላይ ካለው ድንጋይ ላይ ተቀምጦ እሷን ማየት ሥራው ሆነ፤ አያናግራት፣ አይነካት፣ ዝም ብሎ ያያታል። ትብለጥ ሰውነቷን እየቀፈፋት፣ እንስራዋ ሳይሞላ አንስታ መሮጥ ጀመረች፤ ኋላም ምንጩን ትታ ግማሽ ቀን የሚያስኬደውን ወንዝ ለመደች። የምትወደው የጠዋት ጨዋታም ቀረባት።

ለአባቷ ብትነግረው፣ «ምን አደረገሽ? ወዶሽ እኮ ነው ልጄ፤ ብታገቢው ያርፋል» አላት። ሽማግሌዎቹም ይህንኑ አጽድቀው የሠርግ ቀን ሊቆርጡ ተነሡ ይባላል። ይኼኔ ትብለጥ ጨነቃትና ለምንጩ ሴቶች ነገረቻቸው፤ እነሱም ክፉ ቃል ሳይወጣቸው፣ በማግሥቱ ባዶ እንስራቸውን ሽማግሌዎቹ ከሚሰበሰቡበት ዛፍ ሥር ደርድረው እቤታቸው ገቡ።

ወንዱ ምን ያድርግ፤ እንስራ አዝሎ ወረደ። አያ መከተ ጎንበስ ብሎ ሲቀዳ ማጅራቱን አንድ ነገር ከበደው፤ ቀና ቢል ደምለው ከድንጋዩ ላይ ሆኖ ያያል። ኩታውን ሰብሰብ አድርጎ እንደገና ጎነበሰ፤ ወዲያው ግን ቀና አለ።

«ምን ታያለህ አንተ?»

«እርስዎን አይደለም አባቴ፤ እሷ እስክትመጣ ነው።»

አያ መከተ ልጁ ትብለጥ ይህን ሁሉ ወር ምን ተሸክማ እንደኖረች ያን ጊዜ ገባውና በራሱ አፈረ። የቀዳውን ደፍቶ ወደ ሽማግሌዎቹ ወጣ፤ ሠርጉም ቀረ፣ «ልውረድ» የሚለውም ሥርዓት የዚያን ዕለት ተጀመረ።

ደምለው ሌላ አግብቶ ወለደ ይባላል። ከብዙ ዓመት በኋላ አንድ ቀን በቅሎውን እየሳበ መጥቶ ከአፋፉ «ልውረድ?» አለ። ከታች ትብለጥ ብቻዋን ነበረች፤ ድምፁን አወቀችው። አልመለሰችለትም፤ ፊቷን ታጠበች፣ እግሯን ታጠበች፣ እንስራዋን እስከ አፉ ሞላች። እሱም ጀርባውን ሰጥቶ ጠበቀ። ዛሬም ወንድ ከላይ ሲጣራ የዚያ ምንጭ ሴቶች አይቸኩሉም፤ ጨዋታቸውን ጨርሰው ነው «ውረድ» የሚሉት።