መሃሉን ያላበው መስኮት

አንድ ሰው ነበረ። ሀብታም ነው፤ ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ግን ብቻውን ነው። ሀብት አፍ አውጥቶ እንደምን አደርክ አይልም።

ቆይ፣ አታቋርጪኝ ደብሪቱ። «እማማ፣ እህቴን በልቤ ይቅር ካልኳት ሰነበትኩ፤ ታዲያ ለምን ዝር አትልም?» ብለሽ የጠየቅሽኝ አንቺ ነሽ። ስሚ።

ይህ ሰው የሚኖረው ደጋ አገር፣ ፈረንጅ በሠራው አሮጌ ቤት ነው። መስኮቱ ድርብ ነው፤ ብርድ እንዳያሳልፍ ሁለት መስታወት ፊትና ኋላ ገብቶለት መሃሉ ባዶ የተተወ። ከመንገዱ ማዶ አንድ ሸማኔ ደጃፉ ላይ፣ የሽመና ጉድጓዱ ውስጥ ተቀምጦ ይሠራል። ጠዋት ጠዋት ሀብታሙ በመስኮቱ እጁን ያነሳል፤ ሸማኔውም መወርወሪያውን ያነሳለታል። ሰውየው ቀኑን ሙሉ ከሰው የሚያገኘው ይህችኑ ነበር።

መስኮቱ አረጀ። ጠርዙ ላላና እርጥበት ገባበት፤ መስታወቱን አላበው። ሰውየው ከውስጥ ወለወለ፤ አልጠራም። ወጥቶ ከውጭ ወለወለ፤ አልጠራም። ላቡ ያለው መሃል ነዋ! ነቅሎ እንዳያደርቀው ብርድ ይፈራል። አውቶቡስ ውስጥ ላብ እያጠመቃችሁ «መስኮቱን ዝጋው፣ ንፋስ ይመታኛል» የምትሉት ዓይነት ነው። ይባስ ብሎ ሰም አቅልጦ ጠርዙን ዙሪያውን ደፈነው። እርጥበቱን እዚያው ቆለፈበት። መስታወቱ እንደ ወተት ነጣ።

ጠዋት እጁን ያነሳል፤ ማዶ ምንም አይታየውም። «ሰላምታዬን ነፈገኝ፤ ይሁን» አለ። ሸማኔውም መወርወሪያውን አንስቶ አንስቶ ሲደክመው፣ «ሸማኔ መሆኔ ዛሬ ትዝ አለው» ብሎ አንገቱን ደፋ።

ክረምቱ እንዲህ አለፈ። አንድ ጠዋት ሀብታሙ ለባዶ ወንበር «እንደምን አደርሽ» ሲል ራሱን ሰማና ደነገጠ። ጋቢውን ተከናንቦ ቢላዋ አነሳ። ሰሙን ፋቀ፣ ሚስማሩን ነቀለ፣ መስኮቱን ከነመስታወቱ አውጥቶ መሬት ላይ አስቀመጠው። ብርዱ ገባ። ሰውየው አስነጠሰው።

«ይማርዎት!» አለ ሸማኔው ከማዶ። ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ይማርህ ያለው አልነበረም። «ምነው ጌታዬ፣ እኔማ ሞተዋል ብዬ ተዝካርዎን ስጠብቅ ነበር!»

«እጄን ሳነሳ የዘጋኸኝ አንተ!»

«የቱን እጅ? በሰም የታሸጉት እርስዎ!»

መስታወቶቹ ፀሐይ ላይ ደረቁ። መልሶ ሲገጥማቸው ትንሽ መተንፈሻ ተወላቸው።

አንቺም እንደዚያ ሰውዬ ነሽ። በልቤ ይቅር ብያታለሁ ማለትሽ በወገንሽ ያለውን መወልወል ነው። እሷም በወገኗ ትወለውል ይሆናል። ቅያሜው ግን ያለው መሃላችሁ ነው፤ ጓዳሽ ተቀምጠሽ አትደርሺበትም። ልብሽን ማን አየልሽና! ኩራትሽን እንደ ሰም ደፍነሽ ሳለ «ለምን አትመጣም» ትይኛለሽ? ተነሺና በሯን አንኳኪ። ፊቷ ይበርድሽ ይሆናል፤ ይብረድሽ። ብርድ የመታው ሰው ሲያስነጥስ ይማርህ የሚለው አያጣም። ቤቱን ዘግቶ የሚያስነጥሰውን ግን ማን ሰምቶ ይማርህ ይለዋል?