ልቡ አንድ የሆነ ዛፍ

አንድ ዘንባባ ቆራጭ ነበረ፤ ስሙ አሻግሬ ይባላል። ተወልዶ ያደገው ባሕር ዛፍ በሚበዛበት ደጋ ነው። ትዳር የያዘው ግን ጉም በማይለየው ተራራማ ጫካ ሥር ባለች መንደር ነበር። በየዓመቱ ሆሣዕና ሲደርስ ጫካውን ወጥቶ ለደብሩ ዘንባባ የሚያወርደው እሱ ነው። ሌላው ሰው ቢሄድ ከጎን የተንዠረገገውን አረንጓዴ ቅጠል ሸልቅቆ ይመጣል። አሻግሬ ግን አናቱ ላይ ወጥቶ፣ ገና ያልተፈታውን ወተት የመሰለ ለጋ ከነእምቡጡ ቆርጦ ይወርዳል። በዚህም መንደርተኛው ሁሉ ያመሰግነው ነበር።

«ዛፉን አትጎዳውም ወይ?» የሚለው ካለ ይስቃል። «ባሕር ዛፍ አንዱን ቢቆርጡት አምስት ሆኖ ይነሣ የለም እንዴ? ይሄም ዛፍ ነው፤ ያቆጠቁጣል!»

እንዲህ ሲል ሃያ ዓመት አለፈ። በየዓመቱ መንገዱ እየራቀበት መሄዱን አስተውሏል፤ ያሳበበው ግን በጉልበቱ ነው።

በሃያ አንደኛው ዓመት፣ በሆሣዕና ዋዜማ፣ ከማለዳ ጀምሮ ጫካውን ቢያስስ አንድም ዘንባባ አጣ። ቀትር ላይ የተራራው ጫፍ ሲደርስ ግን አንድ አገኘ። ዓይኑን ከሥሩ ጀምሮ ወደ ላይ ቢሰድ ግንዱ ጉሙ ውስጥ ገብቶ ጠፋ። አሻግሬ ሳያስበው ባርኔጣውን አወለቀ። ስንቱን ዘንባባ ቆርጧል፤ እንዲህ ያለ ግን አይቶ አያውቅም።

ከዛፉ ሥር አባ ጥዑመልሳን የሚባሉ ሽማግሌ መናኝ ተቀምጠው ነበር።

«ልትቆርጠው ነው፣ ልጄ?» አሉት።

«አዎ አባ፣ ነገ ሆሣዕና አይደል? አይዞዎት፣ ያቆጠቁጣል።»

«መልካም። እንግዲያው ላይ ስትደርስ ዙሪያህን እይና እስከ ዛሬ ከቆረጥካቸው ያቆጠቆጡትን ቁጠርልኝ። እኔ ዓይኔ ደክሟል።»

አሻግሬ ጠፍሩን በወገቡና በግንዱ ዙሪያ አሥሮ መውጣት ጀመረ። ወጣ፣ ወጣ፣ ጉሙን አልፎ ወጣ። ላይ ፀሐይ ነበረች። ከቅጠሎቹ ሥር የዝናብ ውሃ አቁሯል፤ ውሃው ውስጥ ጥፍር የምታህል እንቁራሪት ተቀምጣለች። ወፎች ጎጆ ሠርተዋል፤ ንቦች ይተማሉ። መሐል ላይ ያ ነጭ ለጋ፣ እንደ ተጠቀለለ ነጠላ፣ ቀጥ ብሎ ቆሟል። እጁን ቢያሳርፍበት ቀዘቀዘው። ሃያ ዓመት ሙሉ ሲቆርጥ ኖሮ አንድም ቀን አስተውሎት እንደማያውቅ ያን ጊዜ ገባው።

ማጭዱን ሊመዝ ሲል የሽማግሌው አደራ ትዝ አለውና ዞር አለ። ጉሙ እየተገፈፈ ነበር። ከጫካው በላይ ግንዶች ቆመዋል፤ ራቁታቸውን፣ አናት የሌላቸው። ከሥር ሲያልፍ ቅርንጫፍና ጉም ሸፍኗቸው አንዱንም አይቶት አያውቅም። አሁን አንድ በአንድ ለያቸው፤ ያ የተጋባበት ዓመት፣ ያ የበኩር ልጁ የተጠመቀችበት፣ ያ ደግሞ የአምናው። አንድ እንኳ አላቆጠቆጠም። አሻግሬ ግንዱን አቅፎ አለቀሰ።

ማጭዱን ሳይመዝ ወረደ።

«ስንት ቆጠርክ?» አሉት አባ ጥዑመልሳን።

«ምንም የለም አባ። ሁሉም ሞተዋል። የገደልኳቸው እኔ ነኝ።»

«ባሕር ዛፍ ልቡ ብዙ ነው፤ ከጉቶው ይነሣል። የዚህ ልቡ አንድ ብቻ ናት፤ እሷም አናቱ ላይ ያለችው ለጋ ናት። ለመሆኑ ነገ የምትዘምሩት ‹ሆሣዕና› ትርጉሙ ምንድን ነው?»

«‹አሁን አድን› ማለት ነዋ! ማን ያጣዋል?»

«እንግዲያው ታውቀዋለህ» አሉት።

በማግስቱ ሕዝቡ ደጀ ሰላም ላይ ሲጠብቀው፣ አሻግሬ ጋቢውን ቋጥሮ መጣ። የደብሩ አለቃ «ዘንባባችን የታለ?» ሲሉት ቋጠሮውን ፈታው። ከዛፉ ሥር የለቀመው የበሰለ ፍሬ ነበር።

«ምነው፣ ጫካ ውስጥ ምን ነካው ሰውዬው?» አለች አንዲት ሴት። ሰዉም ሳቀ።

አሻግሬ ያየውን ሁሉ ነገራቸውና፣ «አባታችን፣ ‹አሁን አድን› ለማለት ብዬ የመጨረሻውን ልገድለው ነበር» አለ።

ሳቁ ቆመ። አለቃው መዳፋቸውን ዘረጉ። «በል፣ ለእኔም አንድ ስጠኝ» አሉ። ከዚያ ሰዉ ሁሉ እጁን ዘረጋ። ያን ዓመት መንደሩ በግንባሩ ያሰረው ሰርዶ ነበር፤ ሰርዶ እንደሁ ቢነጩት አይከፋውም፣ ተመልሶ ይበቅላል። ፍሬውንም ከቤተ ክርስቲያኑ ጀምረው እስከ ጫካው ድረስ ዘሩት። የዘንባባ እድገት ግን ዝግተኛ ነው፤ አሻግሬ የዘራው ከጉልበቱ ሳያልፍ እሱ አለፈ።

ወዳጆቼ፣ «ያላዩት አገር አይናፍቅም» ይባላል። ዘንባባ ሳያዩ የሚያድጉ ልጆች ምን እንደቀረባቸው እንኳ አያውቁም። በዓለም ላይ ቢቆርጡት የሚያቆጠቁጥ ነገር ብዙ ነው፤ ልቡ አንድ የሆነም አለ። ዛፍ ብቻ አይደለም፤ ሰውም እንዲሁ ነው። ሁለቱን የማይለይ ሰው፣ በክፋት ሳይሆን በልማድ ብቻ፣ የሚወደውን ይጨርሳል።

እርስዎስ፣ «ግድ የለም፣ ያቆጠቁጣል» እያሉ በየዓመቱ የሚቆርጡት ምንድን ነው? ዞር ብለው አይተውት ያውቃሉ?