ከዘጠነኛው በር ጀርባ

ከዘጠነኛው በር ጀርባ ምን አለ?

አዜብ ይህን ጥያቄ ይዛ አሥራ አንድ ዓመት ዞራለች። አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሳለች ያዘችው፣ ዩኒቨርሲቲ ይዛው ገባች፣ በቤተ መጻሕፍት ሙያ ተመርቃ ወደ ደሴ ስትመለስም ጥያቄው ከመጽሐፎቿ ጋር ሻንጣ ውስጥ ተጣጥፎ አብሯት ተመለሰ። በሩ የእውነት በር አይደለም። በእንድሪስ ጌም ቤት፣ በአሮጌው ማጫወቻ ውስጥ፣ አንዲት ጦጣ ከግንብ ግንብ እየዘለለች፣ እባብ እየመታች፣ ከሚንከባለል ድንጋይ እያመለጠች የምትደርስበት የመጨረሻ በር ነው። እበሩ ድረስ የደረሰ ብዙ ነው። ገብቶ ያየ ግን የለም።

የእንድሪስ ቤት አንድ ሕግ ነበረው፤ የሞተ ይነሳል። በኳስ ጨዋታ የተሸነፈ እንደሚነሳ ሁሉ፣ ጦጣዋን ያስገደለም ጆይስቲኩን ለባለ ተራ ሰጥቶ ከወንበሩ ይነሳል። ስለዚህ ተራው የደረሰ ሁሉ ይሮጣል። ሮጦ ይሞታል፣ ሞቶ ይነሳል፣ ተነስቶ ጥፋቱን በጦጣዋ ያሳብባል። አዜብ ተራ ጠይቃ አታውቅም። ደጃፉን ተደግፋ ታያለች እንጂ፣ "እኔስ?" የምትለው ቃል ከጉሮሮዋ አልፋ አታውቅም። ቆሞ ማየትም ግን ትምህርት ነው። የመጀመሪያው ድልድይ ላይ የሮጠ ይወድቃል፣ የተራመደ ያልፋል። የእባቡን ራስ የመታ ይነደፋል፣ ጅራቱን የመታ ይገላገላል። ድንጋይ ሲንከባለል የሸሸ ይደፈጠጣል፣ ወደ ድንጋዩ ሄዶ የዘለለ ይተርፋል። ይህን ሁሉ እንደ ዳዊት በቃሏ ይዛዋለች።

ታዲያ አንድ ቅዳሜ ጠዋት እንድሪስ መዝጊያውን ከፍ ሲያደርግ አዜብን ደጁ ላይ ቆማ አገኛት። እሑድ አሮጌው ማጫወቻ ኮምቦልቻ ለእህቱ ልጆች ሊሄድ መሆኑን ሰምታ ነበር። እሱም ምንም ሳይጠይቃት፣ ወንበሩም ባዶ ነበርና፣ ጆይስቲኩን አቀበላት።

አዜብ ተቀመጠች። ድልድዩን ተራምዳ አለፈች፣ የእባቡን ጅራት መታች፣ ወደ ድንጋዩ ሄደች። ስምንት በር አልፋ ዘጠነኛው ላይ ደረሰች። ጦጣዋ ልግባ አለች። በሩ ግን፣ ደወል ሳልሰማ አልከፈትም አለ። በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

ጦጣዋ ቀና ብላ ደወሉን አየችው። እባክህ ጩህልኝ አለችው። ደወሉ፣ ንስር ተቀምጦብኝ እንዴት ብዬ እጮሃለሁ አላት። ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

ወደ ንስሩ ዞረች። እባክህ ብረርለት አለችው። ንስሩ፣ አንዴ ከመሬት አንዴ ከአየር፣ ሁለቴ ዘልለሽ አናቴን ካልነካሽ ከዚህ ንቅንቅ የለም አላት። ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

አዜብ የመዝለያውን ቁልፍ በአውራ ጣቷ ሁለቴ ተጫነችው። ቁልፉ አንዴ ወረደ፤ ሁለተኛውን ዋጠው። ሆዴ ውስጥ አንድ ነገር ተቀርቅሯል፣ ፈትቶ ያጸዳኝ ሰው ሳይኖር ሁለቴ አልወርድም አለ። ቁልፉ አልወርድም አለ፣ ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ። ጦጣዋ ደጅ መቅረቷ ሳያንስ ንስሩ በክንፉ ጠርጎ ጣላት። የሞተ ይነሳል፤ አዜብም ተነሳች። ባለ ተራ ሆነው ወንበሩን የያዙት ጋሼ አበጋዝ ነበሩ፤ ጡረታ የወጡ መምህር፣ የሰፈሩ አስታራቂ ሽማግሌ።

ከጌም ቤቱ ቀጥሎ አቶ ይማም ሰዓት ይጠግናሉ። አዜብ ደጃፋቸው ላይ ቆማ ጉሮሮዋን ጠረገች፤ ቃል አልወጣም። ከማስታወሻዋ አንድ ቅጠል ቀደደችና፣ የጆይስቲክ ቁልፍ ሁለቴ አልወርድ ብሏል፣ ይፈቱልኛል ወይ ብላ ጻፈች። አቶ ይማም ወረቀቱን፣ እንደ ሰዓት ሆድ፣ በአንድ ዓይናቸው ማጉያ መረመሩት። ጽሕፈቷን አመሰገኑ። ዳሩ ግን እንዲህ ያለውን የምትፈታው ቀጭኗ መፍቻ ከግድግዳው ማዶ ናት፣ ከማን ዘንድ እንደሆነችም ስም አልጠራም አሉ። አቶ ይማም አልፈታም አሉ፣ ቁልፉ አልወርድም አለ፣ ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

ከግድግዳው ማዶ እትዬ አልጋነሽ ልብስ ይሰፋሉ። መፍቻዋን ከአቶ ይማም የተዋሱት የስፌት መኪናቸውን ብሎን ሊያጠብቁ ነበር። በማግስቱ አቶ ይማም፣ የስፌት መኪናሽ ጩኸት ሰዓቶቼን አሳበደ አሏቸው። እትዬ አልጋነሽም፣ ያንተ ሰዓቶች እኔ መኪና ሳልገዛም እንቅልፋሞች ነበሩ ብለው መለሱ። ከዚያን ቀን ወዲህ ሁለቱ በአንድ ግድግዳ ተደጋግፈው ሰላምታ የላቸውም። አዜብ ሁለተኛ ቅጠል ቀደደች። እትዬ አልጋነሽ መርፌ በከንፈራቸው ይዘው አነበቡት፤ መርፌውን አውጥተው ሳቁ።

"የኔ ዓለም፣ መፍቻዋ እቻት፣ አልበላኋትም" አሉ። "ግን የተኳረፈ ሰው ዕቃ በሽማግሌ ነው የሚመለስ። ዝም ብዬ ብልክለት ፈርታ ነው ይላል። ጋሼ አበጋዝ መጥተው ያስታርቁን።"

እትዬ አልጋነሽ አልመልስም አሉ፣ አቶ ይማም አልፈታም አሉ፣ ቁልፉ አልወርድም አለ፣ ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

አዜብ ወደ ጌም ቤት ተመለሰች። ቤቱ ሞልቷል፣ ወንበሩም እንደተያዘ ነው። ጋሼ አበጋዝ የእንድሪስን ሕግ ከሠሪው በላይ ያጠኑ ሰው ናቸው። የሞተ የሚነሳ ከሆነ ያልሞተ አይነሳም፤ ያልተንቀሳቀሰ ደግሞ አይሞትም። ስለዚህ ጦጣዋን በመጀመሪያው ግንብ አንዲት ቅርንጫፍ ላይ ያስቀምጧታል፣ እጃቸውን ጭናቸው ላይ ያሳርፋሉ፣ በቃ። ጠዋት ያስቀመጧት ጦጣ ከሰዓት በኋላም እዚያው ናት።

"ጋሼ፣ ጦጣዋ እኮ ሥር አበቀለች" አላቸው አንዱ ባለ ተራ።

"ሥር ያላት አትወድቅም" አሉት፣ ሳይዞሩ።

አዜብ ሦስተኛ ቅጠል ቀድዳ ጻፈችና በዓይናቸውና በቴሌቪዥኑ መካከል ዘረጋችላቸው። ጋሼ አበጋዝ በእጃቸው ገለል አደረጉት። ዓይናቸው ሥራ ላይ መሆኑን፣ ወረቀት እንደማያነቡ፣ ጉዳይ ያለው ሰው በአፉ እንዲናገር አስታወቁ። ለጊዜው ግን አልሞቱምና አይነሱም። ጋሼ አበጋዝ አልነሳም አሉ፣ እትዬ አልጋነሽ አልመልስም አሉ፣ አቶ ይማም አልፈታም አሉ፣ ቁልፉ አልወርድም አለ፣ ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

ወረቀቷን እያጠፈች ሳለ ነው አዜብ ጭልፊቱን ያየችው። በመጀመሪያው ግንብ አንድ ጭልፊት አለ፤ የሮጠን ሁሉ ከላይ ወርዶ ይለቅማል። የጋሼ አበጋዝን ጦጣ ግን ዞራት፣ ዞራት፣ ሰለቸውና ቅርንጫፉ ጫፍ ላይ አረፈ። አዜብ በልቧ ቆጠረች። ዘጠኝ ስትል ጭልፊቱ አንገቱን ቀበረና አንቀላፋ። ላባው የንስሩ ላባ፣ ምንቃሩ የንስሩ ምንቃር። ታናሽ ወንድሙ ነው እንጂ ሌላ ምን ሊሆን! ታናሹ ካንቀላፋ ታላቁም ያንቀላፋል፤ ያንቀላፋ ንስር ደግሞ የሚዘልልን በክንፉ አይጠርግም። በአሥራ አንድ ዓመት ይህን ያየ ሰው ያልነበረው፣ ሁሉም እንዳይነሳ ሲቸኩል ንስሩ ፊት ዘጠኝ እስኪቆጠር የቆመ ስለሌለ ነው።

መላው ተገኘ። የቀረው አፍ መክፈት ብቻ ነው። አፏ ግን፣ አሥራ አንድ ዓመት ተዘግቼ ዛሬ ይህ ሁሉ ሰው ባለበት አልከፈትም አለ። አፏ አልከፈትም አለ፣ ጋሼ አበጋዝ አልነሳም አሉ፣ እትዬ አልጋነሽ አልመልስም አሉ፣ አቶ ይማም አልፈታም አሉ፣ ቁልፉ አልወርድም አለ፣ ንስሩ አልበርም አለ፣ ደወሉ አልጮህም አለ፣ በሩ አልከፈትም አለ፤ ጦጣዋም ደጅ ቀረች።

እንድሪስ ባዶ ካርቶን ይዞ መጣና አዜብ እግር ሥር አስቀመጠው። ማጫወቻው የሚታሸግበት ነው። ነገ ማለዳ ኮምቦልቻ የሚወርደው መኪና ሹፌር ዛሬ ከመምሸቱ በፊት ሊረከበኝ ነው አለ። አዜብ ካርቶኑን አየችው። ጥያቄዋም በዚህ ካርቶን ታሽጎ ሊሄድ ነው።

"ጋሼ አበጋዝ" አለች፤ ድምፅዋ ለራሷም እንግዳ ሆነባት። "ተራዬ ነው። ደግሞም እትዬ አልጋነሽና አቶ ይማም ሽማግሌ ይፈልጋሉ።"

ጋሼ አበጋዝ ከጠዋት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ከቴሌቪዥኑ ዞሩ።

"አንቺ ያቺ ደጃፍ የምትደገፊው ልጅ አይደለሽም?"

"ነኝ።"

"ይሄን ያህል ዘመን ምነው ዝም አልሽ? እኔ እኮ ተነስ ተነስ እያለ የሚጮህብኝ እንጂ ሥራ አለልህ ብሎ የጠራኝ አጥቼ ነው የተቀመጥኩት።" ጉልበታቸው ቀጭ እያለ ተነሱ። "አብሽሪ፣ ጆይስቲኩን ያዥና ተከተይኝ።"

ግድግዳው ዘንድ ሲደርሱ ጋሼ አበጋዝ ሁለቱን ጎረቤቶች ደጅ አወጧቸው። ለፈጣሪ ብላችሁ አሏቸው። አቶ ይማም ሰማይ አዩ፣ እትዬ አልጋነሽ መሬት አዩ፣ ከዚያ ትከሻ ለትከሻ ተሳሳሙ። መኪናሽ ደህና ናት ወይ አሉ አቶ ይማም። ሰዓቶችህ ነቁ ወይ አሉ እትዬ አልጋነሽ። መፍቻዋ ከመሳቢያ ወጣች፣ ጆይስቲኩ ተፈታ፣ ከመዝለያው ቁልፍ ሥር ግማሽ ፍሬ ለውዝ ወደቀ። ጌም ቤት ሲመለሱ፣ ለውዙ የማን ነው ብሎ እንድሪስ ሲጠይቅ ቤቱ ሁሉ ጣሪያ ጣሪያውን አየ።

አዜብ ተቀመጠች። ድልድዩን ተራመደች፣ ጅራቱን መታች፣ ወደ ድንጋዩ ሄደች፣ ከዘጠነኛው በር ፊት ደረሰችና ቆመች። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት።

"ዝለዪ እንጂ!" አላት ከኋላዋ አንዱ። "ጋሼ ተጋቡብሽ እንዴ?"

"ተዋት፣ እየሠራች ነው" አሉ ጋሼ አበጋዝ።

ንስሩ ደወሉ ላይ እንደተቀመጠ አንገቱን አዞረ፣ አዞረ፣ ሰለቸውና ተደላደለ። ሰባት፣ ስምንት። አውራ ጣቷ ላበው። ዘጠኝ ስትል ንስሩ አንገቱን ቀበረ። አንዴ ከመሬት፣ አንዴ ከአየር!

አፏ ተከፍቶ ነበርና ጋሼ አበጋዝ ተነሱ፣ ጋሼ አበጋዝ ተነሱና እትዬ አልጋነሽ መለሱ፣ እትዬ አልጋነሽ መለሱና አቶ ይማም ፈቱ፣ አቶ ይማም ፈቱና ቁልፉ ሁለቴ ወረደ፣ ቁልፉ ወረደና ንስሩ በረረ፣ ንስሩ በረረና ደወሉ ጮኸ፣ ደወሉ ጮኸና በሩ ተከፈተ፤ ጦጣዋም ገባች።

ከበሩ ጀርባ አንድ ዛፍ ነበር። በዛፉ ላይ አንዲት ቅርንጫፍ። ጦጣዋ ወጥታ ተቀመጠች፣ እጆቿን ጭኗ ላይ አሳረፈች፣ በቃ። እባብ የለም፣ ድንጋይ የለም፣ የሚሞት የለም፣ የሚነሳም የለም።

"ይኼው ነው?" አለ ያ ባለ ተራ።

"ታዲያ እኔ ከጠዋት ጀምሮ የት የተቀመጥኩ መሰለህ?" አሉት ጋሼ አበጋዝ።

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ከሁሉ በላይ ጮክ ብላ የሳቀችው አዜብ ነበረች።

ማጫወቻው ካርቶን ውስጥ ሲገባ አዜብ የመጨረሻዋን ቅጠል ቀደደች። ለእንድሪስ እህት ልጆች ጻፈችላቸው፤ ድልድዩን ተራመዱ፣ ጅራቱን ምቱ፣ ወደ ድንጋዩ ሂዱ፣ ንስሩ ፊት ዘጠኝ እስክትቆጥሩ ቁሙ፣ ለውዝ የበላ እጁን ሳይታጠብ ጆይስቲክ አይንካ፣ የሞተም የሞተበትን ሳይናገር አይነሳ። ከሥሩ፣ "ከዘጠነኛው በር ጀርባ" ብላ ጀመረች። እስክሪብቶዋ ቆመ። እንድሪስ ካርቶኑን በፕላስተር ሊያሽግ ቆሞ፣ ጨርሺልኝ እንጂ አላት።

በሩ እምቢ ብሏታል፣ ደወሉ እምቢ ብሏታል፣ ሰፈሩ ሁሉ ሲቀባበል እምቢ ብሏታል። አሁን ተራው የእሷ ነው። የጀመረችውን መስመር ሰረዘችና ወረቀቱን አጥፋ ካርቶኑ ውስጥ ጣለችው።

"ይህን አልነግራቸውም" አለች፤ ጮክ ብላ።